የእናቴ ቃል በጤና ፎርም ላይ

ታሞ ለመተኛት የማንም ፈቃድ አያስፈልግም። ትተኛላችሁ፣ አለቀ። ጤነኛ ነኝ ለማለት ግን ወረቀት፣ ፊርማና ማኅተም፣ ከሁሉም በላይ ደግሞ የእናት አንደበት ያስፈልጋል። ይህን የተማርኩት በንጉሡ ዘመን፣ መካነ ኢየሱስ ከተማ ሰባተኛ ክፍል ሳለሁ ነው። ሌላውን ትምህርት እንኳ ተዉት፤ ሒሳቡም ጂኦግራፊውም ከጭንቅላቴ ከወጣ ዘመን የለውም። ይሄኛው ግን እንደ ቁርጥማት ብርድ በመጣ ቁጥር ይነሣብኛል። ዛሬ ደግሞ ብርድ ነው፤ ታገሡኝና ላውራችሁ።

ሯጭ የሆንኩት በስሕተት ነው። የስፖርት መምህራችን ከጎንደር የመጡ፣ ፊሽካቸውን ሲተኙም ከአንገታቸው አያወልቁትም የሚባሉ ሰው ነበሩ። አንድ ቀን ክፍሉን በሙሉ ሜዳ አወጡንና «ፊሽካ እስክነፋ ዙሩ! ያቆመ ወዮለት!» አሉ። እኛ መዞር ጀመርን። እሳቸው ደግሞ ከዲሬክተሩ ጋር ወግ ጀመሩ። ወጉ ጣማቸው መሰል ፊሽካውን ረሱት። ልጆቹ አንድ በአንድ እየተንጠባጠቡ ሣሩ ላይ ተጋደሙ። እኔ ግን «ወዮለት» የሚለው ቃል ከኋላዬ ያባርረኛል፣ እዞራለሁ። መምህሩ ዞር ሲሉ ሜዳው ላይ ያለሁት እኔ ብቻ ነኝ።

«ሳንባ ማለት ይሄ ነው!» ብለው ጮኹ። ሳንባ አልነበረም፤ ፍርሃት ነው። ግን ማን ይነግራቸዋል? በማግስቱ ለአውራጃው ውድድር ደብረ ታቦር ከሚሄዱት አንዱ ተባልኩ።

እውነቱን ልንገራችሁ፣ ደስታዬ ልክ አልነበረውም። ደብረ ታቦርን አይቼ አላውቅም። መኪና ላይ ወጥቼ አላውቅም። ከሁሉ በላይ ግን ሰው አፉን ሞልቶ «ጠንካራ ነህ» ሲለኝ ያ የመጀመሪያዬ ነበር። ቤታችን ውስጥ እንዲህ ያለ ነገር አይባልም። እናቴ እንኳን ጠንካራ ልትለኝ፣ «አደግህ» ብላኝ አታውቅም። ልብሴ ሲያጥር «ጨርቁ ሲታጠብ ተኮማተረ» ነበር የምትለው። ስለዚህ ያንን ውድድር የፈለግሁት የጠማው ሰው ውሃ በሚፈልግበት መንገድ ነው። ለትምህርት ቤቱ ሁሉ አወራሁ። ለዘበኛውም ሁለት ጊዜ ነገርኩት።

ከዚያ ፎርሙ መጣ። አንድ ገጽ ነው፤ ግን የአንድን ሰው ነገር ከእናቱ ማሕፀን ጀምሮ ይጠይቃል። ዕድሜ፣ ቁመት፣ ክብደት፣ ከዚህ በፊት የታመመው በሽታ፣ የወላጅ ቃል፣ የሐኪም ፊርማና ማኅተም። መምህሩ ወረቀቱን በሁለት እጃቸው ሰጡኝና «አንዲት መስመር ባዶ ከቀረች መኪናው ላይ አትወጣም» አሉኝ።

ቅዳሜ የሦስት ሰዓት መንገድ ተጉዤ ወደ ቤት ገባሁ። የውቂያ ጊዜ ስለነበረ አባቴን ያገኘኋቸው አውድማ ላይ ነው፤ በሬዎቹን ገብስ ላይ እያዞሩ።

«አባባ፣ ዕድሜዬ ስንት ነው?»

«ምን ሊያደርግልህ?»

«ለመንግሥት ነው።»

መንግሥት ሲባል አባቴ ጅራፋቸውን ዝቅ አደረጉ። ትንሽ አሰቡና ቀኝ የተጠመደውን በሬ አሳዩኝ። «ከሱ በአንድ ክረምት ትበልጣለህ።»

«በሬውስ ስንት ዓመቱ ነው?»

«ጥርሱን ጨርሷል።»

ይህን ፎርም ላይ እንዴት ብዬ ልጻፍ? ራሴ ዐሥራ አምስት ብዬ ሞላሁ። እስከ ዛሬ ዕድሜዬ የሚቆጠረው ከዚያች ቀን ግምት ነው፤ ጡረታም የወጣሁት በሬው መስክሮልኝ ነው ማለት ይቻላል።

ቁመቴን በገመድ ልለካ ግድግዳ ስደገፍ እናቴ ከጓዳ ብቅ አለችና ገመዱን ከእጄ ነጠቀችኝ። «ቆሞ የሚሄድ ሰው አይለካም! ምን ሊቆፈርልህ ነው?» ብላ ገመዱን ምድጃ ውስጥ ከተተችው። ደኅና ገመድ ነበር፤ አህያ ይጫንበታል። አባቴ ሳምንቱን ሙሉ ሲፈልጉት ሰነበቱ። እኔም ቁመቴን ትምህርት ቤት ሄጄ በጥቁር ሰሌዳ ማስመሪያ ለካሁ፤ ለእናቴ ግን አልነገርኳትም።

የክብደቱን ነገር ባላነሣው ደስ ይለኝ ነበር። የጤና ጣቢያው ሚዛን ሕፃናት ብቻ ነው የሚመዝን። ከተማው ውስጥ ትልቅ ሚዛን ያለው አንድ የቆዳ ነጋዴ ነው። በገበያ ቀን፣ ያ ሁሉ ሕዝብ እያየ፣ ከግንድ ላይ ከተንጠለጠለው ሚዛን መንጠቆ ላይ በገመድ አንጠለጠለኝ። የፍየል ቆዳ ተሸክመው ተራ የሚጠብቁ ሰዎች ነበሩ። አንዱ ጠጋ አለና ባቴን ጨብጦ «ይሄኛው በሕይወቱ ነው እንዴ የሚሸጥ?» አለ። ነጋዴው ግን ሥራ የሚያውቅ ሰው ነው፤ ሳይስቅ መዝኖ «ሲደርቅ ይቀንሳል» አለኝ።

የቀረው የወላጅ ቃል ነው። እናቴ ለገበያ ስለመጣች ይዣት ወደ ጤና ጣቢያው ሄድኩ።

እዚህ ላይ ቆም ብዬ፣ አገራችንን ለማያውቅ ሰው አንድ ነገር ላስረዳ። በእኛ ዘንድ ልጅን «ጤነኛ ነው» ብሎ በሰው ፊት መናገር በር ከፍቶ ጅብ መጥራት ነው። ዓይን አለ፣ ጆሮ አለ፣ ስሙን የማንጠራውም አለ። «ልጅሽ እንዴት ከረመ?» ሲሏት እናት «ምን ክራሞት አለው ብለሽ ነው፣ ይኸው ያቃስታል» ትላለች፤ ልጁ ከኋላዋ ጥጃ እያባረረ። ጠያቂዋም ይገባታል። «እግዜር ይማርልሽ» ብላ ታልፋለች፤ ነገ እሷም ስትጠየቅ እንዲሁ ትላለችና። ማንም ማንን አልዋሸም፣ ማንም ማንን አላሳሳተም። እንግዲህ እንዲህ ያለውን አገር ፎርም ይዞ የሚጠይቅ ሰው ሲመጣ ነው ጉዱ።

የጤና ጣቢያው ድሬሰር አዲስ አበባ ተወልዶ ያደገ፣ ጸጉሩን በጎን የሚከፍል ወጣት ነበር። ደረቴን አዳመጠ፣ ጉልበቴን በመዶሻ መታ መታ አደረገና ለእናቴ «እናቴ፣ ይሄማ በሬ ነው!» አላት።

እናቴ ክው አለች። ወደ ግራም ወደ ቀኝም እትፍ እትፍ አለችና «ምነው ጌታው፣ ምን በደልንዎ?» አለችው።

ድሬሰሩ የምትቀልድ መስሎት ፈገግ አለ። ብዕሩን አነሣ። «አሁን የርስዎ ቃል ብቻ ነው የቀረን። ሳል አለበት?»

«ሳል ብቻ! ይዞት የለም እንዴ! ትንፋሹ እስኪያጥር፣ ፊቱ እስኪጠቁር።»

«ትክትክ ማለትዎ ነው?»

«ትክትክ።»

ጻፈ። እኔ ደነገጥኩ። ዝም በይ ለማለት ጉሮሮዬን «እህም» አደረግሁ።

«ይኸው! እንዲህ ነው የሚያደርገው» አለች እናቴ።

«ኩፍኝስ ይዞታል?»

«ዓይኑን ሁሉ ሸፍኖት ነበር እኮ!»

«ንዳድ?»

«ከቆላ ነው ይዞት የመጣ። አንቀጥቅጦ፣ አንቀጥቅጦ…» ብላ እዚያ ላይ አቆመች።

«ተቅማጥ?»

«እሱማ ሦስት ቀንም አላቆየው።»

ድሬሰሩ ቀና አለ። «ማንን ነው ያላቆየው?»

«ሕመሙን ነዋ። በሦስተኛው ቀን አበቃ ማለቴ ነው።»

«የሚጥል በሽታስ?»

«ኧረ በስመ አብ! እሱንስ አላመጣብን።»

«የልብ ድካም?» የለም። «የአጥንት ስብራት?» የለም። አራቱን አዎ ብላ ሌላውን ሁሉ የለም አለች። እኔን የፈጀኝ ይሄ ነው። ሁሉንም አዎ ብትል ኖሮ ድሬሰሩ ይጠረጥር ነበር። አንዱን ተቀብላ ሌላውን ስትክድ ግን የማትዋሽ ሴት ናት ብሎ አመናት። በቀይ ቀለም «ለሩጫ አይበቃም» ብሎ ጻፈና ማኅተሙን እንደ ምስማር መታው። እናቴ እጁን ልትስም ጎንበስ አለች። ከዚያ የገዛችውን ጨው አንጠልጥላ በሰላም ወደ ቤቷ ሄደች፤ ልጇን ከክፉ ዓይን አድናለቻ!

ወረቀቱን ለመምህሩ ሰጠኋቸው። ሁለት ጊዜ አነበቡት።

«አንተ ልጅ፣ በሕይወት አለህ?»

«አለሁ መምህር።»

«በዚህ ወረቀት ግን የለህም።» ሊቀዳድዱት ያዙና ማኅተሙን አይተው ተዉት፤ ያኔ ማኅተም ይፈራል። «ስማ። መኪናው ከነገ ወዲያ ሦስት ሰዓት ላይ ይነሣል። እናትህ መጥታ ለድሬሰሩ ልጄ ጤነኛ ነው ትበለው፣ እሱም ይሰርዘው። አለዚያ ተጠባባቂው ይሄዳል።» ተጠባባቂው ያኔ ሜዳው ላይ ሁለት ዙር ዞሮ የተጋደመው ልጅ ነው። እሱ በእኔ ቦታ መኪና ላይ ሲወጣ ታየኝና አንጀቴ አረረ።

በማግስቱ ከትምህርት ቤት ቀርቼ ወደ ቤት ገሠገሥኩ። ስደርስ ፀሐይ ገና አልዘቀዘቀችም። አባቴ በመንሽ ገብሱን ለነፋስ ይሰጣሉ፤ እናቴ ዳር ዳሩን ትጠርጋለች። ሰላምታም አልሰጠሁ። አውድማው መካከል ቆሜ ወረቀቱን ዘረጋሁና እንደ አዋጅ ነጋሪ ጮኽ ብዬ ማንበብ ጀመርኩ።

«ስሙ! ስሙ! ይህ የምታዩት ልጅ ትክትክ ይዞታል! ኩፍኝ ሸፍኖታል! ንዳድ አንቀጥቅጦታል! ተቅማጥ ሦስት ቀን አላቆየውም!» አልኩ። «እምዬ፣ እኔ መቼ ነው ይሄ ሁሉ የያዘኝ? ምነው ሞቷል ብለሽ አልገላገልሽኝ!»

ይስቃሉ ብዬ ነበር። ቢያንስ አባቴ ይስቃሉ ብዬ። እናቴ መጥረጊያውን ቀስ ብላ መሬት ላይ አስቀመጠችና ወደ ቤት ገባች።

አባቴ መንሻቸውን ተደግፈው ቆዩ። ነፋሱ ይነፍሳል፤ ገብሱ ግን አይነሣም።

«ትክትኩ የዓለሜ ነው» አሉ።

«ዓለሜ ማን ናት?»

«ኩፍኙ የይርጋ። ንዳዱ የጥሩዬ። እሷን ቆላ ይዣት የወረድኩ እኔ ነኝ፤ እናትህ አትውሰዳት ብላኝ ነበር። ተቅማጡ የትንሹ ነው። እሱ ስም የለውም፤ አርባ ቀኑ አልሞላ፣ ክርስትና አልተነሣ።»

የዘረጋሁትን ወረቀት ዝቅ አደረግሁ።

«እናትህ ሐኪሙን አልዋሸችውም» አሉ አባቴ። «ወልዳ የታመመባትን ሁሉ ነው የቆጠረችለት። ያንተን ብቻ ነው የሸሸገች።»

እኔ የመጀመሪያ ልጅ የሆንኩ መስሎኝ ነበር። ለካ አምስተኛ ነኝ። በዚያ ቤት ያን ሁሉ ዓመት ስኖር የአንዳቸውም ስም አልተነሣም፤ ስማቸው ከተጠራ እኔን ይጠሩኛል ተብሎ ተፈርቶ ነው። አፈርኩ። እንዴት እንዳፈርኩ ልነግራችሁ አልችልም። አራት ወንድምና እኅቶቼን አውድማ ላይ ቆሜ እንደ አዋጅ አነበብኳቸው፤ ያውም እየተሳለቅሁ። ወረቀቱን ልውጠው ፈለግሁ።

ታዲያ ሰው ክፉ ነው፣ ልጅ ደግሞ ይብሳል። ያን ሁሉ ሰምቼ፣ እንዲያ አፍሬ፣ ልቤ አሁንም ያ መኪና ላይ ነበር። መምህሩ ያሉትን ለአባቴ ነገርኩ እንጂ እናቴን እንድትሄድ አልለመንኳትም፤ አትሂጂም አላልኳትም። ተኩራምቼ እራቴን ሳልበላ ተኛሁ። እንዲህ ያለው ዝምታ ከልመና ይከፋል፤ አውቄ ነው ያደረግሁት።

ሊነጋጋ ሲል ስነቃ እናቴ ነጠላዋን ለብሳ፣ ዘንጓን ይዛ በር ላይ ቆማለች።

«ተነሥ፤ ቃሌን ልስጥልህ» አለች።

ጤና ጣቢያው ስንደርስ በሽተኞች በር ላይ ተኮልኩለዋል። ቀድሜ ገባሁና ለድሬሰሩ አባቴ ያሉኝን በአጭሩ ነገርኩት። ብዕሩን አስቀመጠ። በጎን የከፈለው ጸጉሩ እንኳ የተበተነ መሰለኝ። እናቴ ስትገባ ከመቀመጫው ተነሣላት።

«ይቅር ይበሉኝ እናቴ። አላወቅሁም» አላት። «ግን ወረቀቱ ቃልዎን ይፈልጋል። ልጄ ጤነኛ ነው ይበሉኝ፣ ወዲያው እሰርዘዋለሁ። ሦስት ቃል ናት።»

«እሺ» አለች እናቴ። «ልጄ…» አለችና ወደ በሩ ዞረች። የበሽተኞቹ ጆሮ በሩ ላይ ተደርድሯል።

ድሬሰሩ በሩን ዘጋ።

«ልጄ…» መስኮቱን አየች። መስኮቱም ተዘጋ። ክፍሉ ጨለመ።

«ልጄ…»

«አሁን ደግሞ ምን ቀረ እናቴ?»

«ፊትዎን ያዙሩልኝ ጌታው። ሲያዩኝ አይሆንልኝም።»

የመንግሥት ድሬሰር፣ ብዕሩን እንደያዘ፣ ወደ ግድግዳ ዞረ። «አንተም» አለችኝ። እኔም ዞርኩ። ሦስት ሰዎች በጨለማ ክፍል ውስጥ፣ ሁለታችን ግድግዳ እያየን፣ አንዲት ቃል እንጠብቃለን። ከውጭ አንድ ሽማግሌ በሩን በዘንግ ደበደቡና «ምነው ዘጋችሁ፣ ሰው ሞተባችሁ ወይ?» አሉ።

«በስመ አብ!» አለች እናቴ። ያ ሁሉ ድካም ፈረሰ፤ እንደገና ከ«ልጄ» ተጀመረ።

የመኪናው ጥሩምባ ሲጮኽ ሰማሁ። አንድ ጊዜ። ቆይቶ ሁለተኛ። ከኋላዬ የእናቴ ትንፋሽ ይሰማኛል፤ ከባድ ነገር የተሸከመ ሰው ትንፋሽ ነው። «ተይው እምዬ፣ ይቅር» ማለት ነበረብኝ። አላልኩም። ይህን እስከ ዛሬ ለራሴ ይቅር አላልኩትም። መዳፌን ግድግዳው ላይ ለጥፌ በልቤ «በይ፣ በይ፣ በይ» እላለሁ።

«ልጄ… እስካሁን አለ» አለች።

ድሬሰሩ ጠበቀ። የሚከተል ነገር አልመጣም። «ጤነኛ ነው ማለትዎ ነው?» አለ ግድግዳውን እያየ።

«እስካሁን አለ አልኩ እኮ!»

መስኮቱን ከፈተ። ቀዩን ጽሑፍ ሰረዘ። የወላጅ ቃል በሚለው መስመር ላይ «እስካሁን አለ» ብሎ እንዳለችው ጻፈና ማኅተሙን መታ፤ በዚህ ጊዜ ቀስ ብሎ ነው የመታው። ወረቀቱን መንጭቄ ወጣሁ። በሽተኛ ዘልዬ፣ አጥር ዘልዬ፣ በገበያው መሐል አቋርጬ እንዲያ የሮጥኩበትን ቀን ከዚያ በፊትም ከዚያ በኋላም አላየሁም። መምህሩ ቢያዩኝ ኖሮ እውነትም ሳንባ አለው ይሉ ነበር።

ትምህርት ቤቱ በር ላይ አቧራና ዘበኛው ነበሩ።

«አሁን፣ አሁን ሄዱ» አለኝ ዘበኛው። «ያ ልጅ ባንተ ቦታ ተሳፈረ። ጅብ ከሄደ ውሻ ጮኸ ሆነብህ እኮ፣ ምን ሆነህ ቆየህ?» ወረቀቴን አጥፌ ኪሴ ከተትኩና ወደ እናቴ ተመለስኩ። ጤና ጣቢያው አጥር ሥር ተቀምጣ ትጠብቀኛለች። ፊቴን አይታ ዘንጓን አነሣች።

መካነ ኢየሱስን ወጥተን ብዙ ተጓዝን። አኩርፌያታለሁ። ልጆቿን በአዋጅ ያነበበ ሰው ለማኩረፍ ምን መብት አለው? ግን አኩርፌያለሁ፤ ዐሥር እርምጃ ቀድሜያት ነው የምሄደው። ዳገቱ ሥር ስንደርስ ጠራችኝ።

«ና እስቲ ሩጥ» አለች።

«የት?»

«እዚያ ላይ፣ እስከ ወይራው ድረስ።»

«ማን ሊያይልኝ? መኪናው ሄዷል እኮ!»

«ሩጥ አልኩህ እንግዲህ።»

መንገዱን ወደ ላይ ወደ ታች አየችልኝ። ሰው የለም። ሮጥኩ። መጀመሪያ በንዴት ነው የሮጥኩት፤ ግማሽ ላይ ንዴቱ ሸሸኝ፤ ከዚያ በኋላ ለእሷ ብዬ ሮጥኩ። ዳገቱ ቀጥ ያለ ነው፣ ድንጋዩ ይንከባለላል፣ ልቤ ጆሮዬ ውስጥ ትመታለች። ወይራውን በእጄ ነካሁና ድል ያደረገ ሰው ሆኜ ዘወር አልኩ።

እናቴ ጀርባዋን ሰጥታኝ ተቀምጣለች። ነጠላዋን በራሷ ላይ ጎትታ፣ ፊቷን በሁለት እጇ ሸፍናለች።

ቁልቁል ተንደርድሬ ወረድኩ። እንባዬ መጥቶብኛል። «እምዬ! አላየሽኝም እኮ! ሩጥ ብለሽኝ አላየሽኝም!»

«እንዴት አድርጌ ልይህ?» አለች፣ ፊቷን ሳትገልጥ። «ዓይኔን አላምነውም። እነዚያንም እኮ አይቻቸው ነበር።»

እጇን ሰጠችኝና ከተቀመጠችበት አነሣኋት። ነጠላዋን አራገፈች፣ ዘንጓን ያዘች፣ ወደ ዳገቱ ዞረች።

«እግርህን ግን ሰማሁት» አለች።